በፈረስ ስም የተጠሩ ባቡሮች

አዲስ አበባ ውስጥ ሰባራ ባቡር የሚባል ሰፈር አለ። ስሙን ያገኘው በምኒልክ ዘመን ከውጭ መጥቶ እዚያ አካባቢ ተሰብሮ ከቀረ የእንፋሎት ማሽን ነው ይባላል። ሰው ጭኖ ከከተማ ከተማ የሚመላለስ አልነበረም፤ ግን ባቡር ተባለ። ገጠር ብትሄዱ ደግሞ እህል የሚፈጨው ሞተርም ባቡር ነው። በሐዲድ የሚሄደውን ለይተን «ምድር ባቡር» ማለት ያስፈለገንም ለዚህ ይመስለኛል። ቃሉ ራሱ «ቫፖሬ» ከሚለው ጣሊያንኛ ጋር ዘመድ ነው፤ ትርጉሙ እንፋሎት። በኛ ቋንቋ እንግዲህ ባቡር መጀመሪያ ሥራ የሚሠራ ሞተር ነው፤ ተሳፋሪው በኋላ የመጣ ነገር ነው።

የባቡር ታሪክ ሲጻፍ ግን አብዛኛውን ጊዜ ተቃራኒው ነው። ፈጣኑ፣ ትልቁ፣ ንጉሥ የተሳፈረበት ባቡር ይተረካል። እኔ የማወራችሁ ስለ ሌላው ዘር ነው፤ ከድንጋይ ካባ፣ ከከሰል ማዕድን፣ ከስኳር ፋብሪካ ግቢ ሳይወጣ ዕድሜውን ስለሚጨርሰው ትንሽ የእንፋሎት ባቡር። እነዚህን ከሠሩት ድርጅቶች ብዙዎቹ ደግሞ የአንድ ከተማ፣ ያውም የአንድ ሰፈር ልጆች ነበሩ። ከተማው ሰሜን እንግሊዝ ያለው ሊድስ፣ ሰፈሩ ሃንስሌት። (ዓመቶቹ ሁሉ እንደ ፈረንጆች አቆጣጠር ናቸው።)

ነገሩ የሚጀምረው በፈረስ ቀለብ ነው። ሊድስ አጠገብ ሚድልተን የሚባል የከሰል ማዕድን ነበር፤ ባለቤቶቹ የብራንድሊንግ ቤተሰቦች ናቸው። በ1758 ፓርላማው ባጸደቀላቸው ሕግ ሐዲድ ዘርግተው ከሰሉን እስከ ከተማው ድረስ በፈረስ ያስጎትቱ ነበር። ከዓመታት በኋላ የናፖሊዮን ጦርነት መጣ። ሠራዊት ፈረስ ይፈልጋል፤ ፈረስ ደግሞ ቀለብ ይፈልጋል። የሁለቱም ዋጋ ሰማይ ነካ። ያን ጊዜ የማዕድኑ ኃላፊ ጆን ብሌንኪንሶፕ እና የሊድሱ መሐንዲስ ማቲው መሬይ ተመካክረው በ1812 «ሳላማንካ» የተባለችውን ሎኮሞቲቭ ሥራ አስጀመሩ። ስሟ እንግሊዞች በዚያው ዓመት ስፔን ውስጥ ድል ያደረጉበት የጦር ሜዳ ስም ነው።

ሳላማንካ ጥርስ ያለው ጎማ ነበራት፤ ጥርሱ በሐዲዱ ጎን ካለው ጥርስ ጋር እየተናከሰ ይጎትታል። ብሌንኪንሶፕን ያሳሰበው ነገር ቀላል ነው። ሎኮሞቲቩ ቀላል ከሆነ ጎማው ይንሸራተታል፤ ከባድ ከሆነ ደግሞ የዚያን ጊዜው ሐዲድ ይሰበራል። ስለዚህ ቀላል አድርጎ ጥርስ አወጣለት። ትምህርት ቤት የተማርናት የስቲቨንሰን «ሮኬት» የመጣችው ከዚህ 17 ዓመት በኋላ ነው። ገንዘብ እያስገባ የሠራ የመጀመሪያው የእንፋሎት ባቡር መንገደኛ ሳይሆን ከሰል የሚጭን ነበር ማለት ነው። ሳላማንካ በ1818 ቦይለሯ ፈንድቶ አለቀላት። ነጂው የእንፋሎት ማስተንፈሻውን ነካክቶት እንደነበር ጆርጅ ስቲቨንሰን በኋላ ለፓርላማ ኮሚቴ ተናግሯል። የሞተ ነጂ ራሱን አይከላከልም፤ በዚህ ታሪክ ውስጥ ጥፋት ወደ ታች ሲወርድ የምናየው በዚህ ብቻ አይደለም።

ከዚያ በኋላ ሊድስ የሎኮሞቲቭ ከተማ ሆነች። የድርጅቶቹን ታሪክ መከተል የአንድ ትልቅ ቤተሰብ የርስት ክፍፍል እንደ መስማት ነው። ኢ. ቢ. ዊልሰን የሚባለው ድርጅት በ1858 ተዘጋ። ማኒንግ ዋርድል የተባለው ድርጅት በዚያው ዓመት ንድፎቹን ወርሶ እዚያው ሰፈር ተከፈተ። በ1860 ሃድስዌል እና ክላርክ፣ በ1864 ደግሞ ሃንስሌት ኢንጂን ካምፓኒ ተከተሉ፤ ቦታቸውም ከፈረሰው ግቢ መሬት ላይ ነው። ኪትሰን እና ፋውለርም እዚያው አካባቢ ነበሩ። አንዱ ጋ ሙያ የለመደ ልጅ አድጎ መንገድ ተሻግሮ ሌላው ጋ ይቀጠራል። ንድፍ ይወረሳል፣ የእንጨት ፎርማ ይሸጣል። ለዚህ ነው የነዚህ ፋብሪካዎች ባቡሮች እንደ ወንድማማች የሚመሳሰሉት።

ሃንስሌት ኢንጂን ካምፓኒን ያቋቋመው ጆን ታውለርተን ሌዘር የግንባታ ተቋራጭ ነበር። የመጀመሪያዋ ሎኮሞቲቩ «ሊንደን» በ1865 የተሸጠችውም ለባቡር መንገድ ተቋራጮች ነው፤ አፈር እንድታመላልስ። ሥራ አስኪያጁ ጄምስ ካምቤል በ1871 ድርጅቱን ራሱ ገዛው። ትልልቆቹ የእንግሊዝ የባቡር ድርጅቶች ሎኮሞቲቫቸውን በራሳቸው ወርክሾፕ ይሠሩ ስለነበር እንደ ሃንስሌት ላሉት የቀረላቸው ገበያ ሁለት ነበር። አንዱ የውጭ አገር ነው፤ ሌላው ደግሞ ዋናው ሐዲድ ላይ የማይወጣው የካባ፣ የማዕድንና የፋብሪካ ሥራ።

ይኼ ሁለተኛው ገበያ የራሱ ጸባይ አለው። የካባ ባለቤት ፍጥነት አይጠይቅም። የሚጠይቀው ሐዲዴ ቀጭን ነው፣ ኩርባዬ ጠባብ ነው፣ ጥሩ መካኒክ የለኝም፣ ውሃው ቆሻሻ ነው፣ እንዲህም ሆኖ የሚሠራልኝ ነገር ስጡኝ ብሎ ነው። መልሱ አራት ጎማ ያላት አጭር ባቡር ሆነ። ጎማዎቹ ተቀራርበው ስለተቀመጡ ኩርባ አይከብዳትም። ሁሉም ጎማ ስለሚገፋ ከክብደቷ የሚባክን የለም። ውሃውን ከኋላ በተለየ ጋሪ ከመጎተት ይልቅ ታንከሩን ቦይለሩ ላይ በግራና በቀኝ አስደግፈው እንደ ኮርቻ ጫኑት። እንግሊዞቹም ኮርቻ ታንከር ነው የሚሉት። ውሃው ጎማውን ተጭኖ እንዳይንሸራተት ያግዛል፤ ከታች ያለው ክፍል ክፍት ስለሚሆን ደግሞ ዘይት ለመቀባትም ለመጠገንም እጅ ይገባል።

ለየቦታው የሚሰፋ ልብስ በሉት። የወረቀትና የፈንጂ ፋብሪካዎች እሳት ግቢያቸው እንዲገባ ስለማይፈልጉ፣ እሳት የሌለው የእንፋሎት ባቡር ሁሉ ተሠርቶላቸዋል። ስኮትላንድ ኪልማርኖክ የነበረው አንድሪው ባርክሌይ በነዚህ ይታወቃል። ባቡሩ ትልቅ ፔርሙዝ ነው በቃ፤ ከፋብሪካው ቦይለር ትኩስ ውሃና እንፋሎት ይሞላል፣ እስኪቀዘቅዝ ይሠራል፣ ተመልሶ ይሞላል።

የሃንስሌትን ስም ያስጠሩት ግን የዌልስ ባቡሮች ናቸው።

ሰሜን ዌልስ ላንቤሪስ ከሚባለው ከተማ ፊት ለፊት ዲኖርዊክ የሚባል ካባ ነበር። የሚወጣው ስሌይት የሚሉት ድንጋይ ነው፤ በመሮ ሲመታ እንደ መጽሐፍ ገጽ እየተሰነጠቀ የጣሪያ ክዳን የሚሆን። የኢንዱስትሪ ዘመን የአውሮፓ ከተሞች ጣሪያ ብዙው የዚህ ድንጋይ ሥራ ነው። ዲኖርዊክ በዓለም ሁለተኛው ትልቁ የስሌይት ካባ የነበረ ሲሆን፣ በደራበት ጊዜ ከ3,000 በላይ ሠራተኞች ነበሩት። አንደኛው ከተራራው ወዲያ ያለው ፔንሪን ነበር። ተራራው ከላይ እስከ ታች በእርከን ተቆርጧል። ከሩቅ ለሚያየው ኮንሶን ያስታውሳል፤ ልዩነቱ የኮንሶ እርከን አፈር ለማቆየት መሠራቱ፣ ይኼኛው ተራራውን መብላቱ ነው።

ሃንስሌት ለዲኖርዊክ የመጀመሪያዋን ሎኮሞቲቭ የሠራው በ1870 ነው። ከዚያ በኋላ እስከ 1930ዎቹ መጀመሪያ ድረስ ያንኑ ንድፍ እያሻሻለ ሲሠራ ኖረ። የሐዲዱ ስፋት 60 ሴንቲ ሜትር እንኳን አይሞላም። እርከን ላይ የሚሠሩት ባቡሮች ብዙዎቹ ጣሪያም ግድግዳም የላቸውም፤ ነጂው የሰሜን ዌልስን ዝናብና ንፋስ ቆሞ ይቀበላል። ወደ እርከኑ የሚወጡት በራሳቸው አቅም አልነበረም። በተዳፋት ላይ በገመድ ተስበው ይወጣሉ፣ ከወጡም ለትልቅ ጥገና እስኪወርዱ ዓመታት እዚያው ይቆያሉ። ከእርከኖቹ አንዱ «አውስትራሊያ» ይባል ነበር።

ምን ይጎትቱ ነበር? ይኼን ሳነብ ነው በጣም የገረመኝ። አንድ ቶን ለጣሪያ የሚሆን ስሌይት ለማግኘት አሥር ቶንና ከዚያ በላይ የማይረባ ድንጋይ መነሳት አለበት። ከፉርጎዎቹ ብዙዎቹ እንግዲህ የሚጭኑት ቆሻሻ ነው። ባቡሮቹ ቀኑን ሙሉ ቆሻሻ እየወሰዱ ገደል አፋፍ ላይ ይደፋሉ። ዛሬ ላንቤሪስን ፎቶ የሚያነሳ ቱሪስት ከጀርባው የሚያየው ግራጫ ኮረብታ ተፈጥሮ አይደለም፤ የነዚያ ባቡሮች ሥራ ነው።

አሁን ወደ ስማቸው። የዲኖርዊክ ጌቶች የአሼተን ስሚዝ ቤተሰብ ናቸው። ሰር ቻርልስ አሼተን ስሚዝ የእሽቅድምድም ፈረስ ነፍሱ ነው፤ «ግራንድ ናሽናል» በሚባለው የእንግሊዝ ታላቅ የፈረስ ውድድር ሦስት ጊዜ ፈረሶቹ አሸንፈውለታል። በ1893 ክሎይስተር፣ በ1912 ጄሪ ኤም፣ በ1913 ኮቨርትኮት። ካባው ውስጥ «ክሎይስተር»፣ «ጄሪ ኤም» እና «ኮቨርትኮት» የሚል የናስ ስም የተለጠፈባቸው ባቡሮች ነበሩ። «ሆሊ ዋር»ም እንዲሁ የፈረስ ስም ነው። መጀመሪያ በፈረስ ቀለብ መወደድ የተነሳ የመጣ ማሽን፣ መቶ ዓመት ቆይቶ ጀርባው ላይ ኮርቻ፣ ጎኑ ላይ የፈረስ ስም ይዞ ተገኘ።

ፔንሪን ደግሞ የሚጠራው በቤተሰብ ስም ነው። «ቻርልስ»፣ «ብላንች»፣ «ሊንዳ»፤ ሃንስሌት የመጀመሪያዋን በ1882፣ ሁለቱን በ1893 ሠራቸው፤ ስማቸው ከሎርድ ፔንሪን ቤተሰብ የተወሰደ ነው። የዚያ ቤተሰብ ሀብት ከየት እንደመጣ የታወቀ ነው። ካባውን በ18ኛው ክፍለ ዘመን መጨረሻ በሰፊው ያስፋፋው ሪቻርድ ፔናንት ጃማይካ ውስጥ በባርነት በተያዙ ሰዎች የሚሠሩ የሸንኮራ እርሻዎች ባለቤት ነበር። ባርነት በሕግ ሲቀር ወራሹ 764 ሰዎችን «ስላጣ» ከመንግሥት ከ14,600 ፓውንድ በላይ ካሳ ተከፍሎታል። ለ764ቱ የተከፈለ የለም። ስለነዚህ ቆንጆ ትንንሽ ባቡሮች የሚጽፉ ሰዎች ይኼን መስመር መዝለል ይወዳሉ፤ ከናሱ ስም ጀርባ ያለው ግን ይኼው ነው።

በኅዳር 1900 የፔንሪን 2,800 ያህል ሠራተኞች ካባውን ጥለው ወጡ። ጥያቄያቸው ማኅበራቸው እንዲታወቅና የሥራው ክፍፍል እንዲስተካከል ነበር። ሎርዱ ከማኅበር ጋር አልነጋገርም አለ። ነገሩ ሦስት ዓመት ፈጀ፤ በእንግሊዝ ታሪክ ረጅም ከሚባሉት የሥራ ግጭቶች አንዱ ነው። ከ1901 አጋማሽ ጀምሮ የተወሰኑት ወደ ሥራ ሲመለሱ፣ ያልተመለሱት በቤታቸው መስኮት ላይ በዚህ ቤት ከሃዲ የለም የሚል ወረቀት ለጠፉ። ወረቀቱ ከአንዳንዱ መስኮት ሲነሳ ጎረቤት ከጎረቤት፣ ወንድም ከወንድም ተለያየ፤ ቂሙም በቤተስኪያንና በሱቅ ምርጫ ሳይቀር ለትውልድ ተረፈ። ብዙ ሰው ወደ ደቡብ ዌልስ የከሰል ማዕድን ተሰደደ። በ1903 መጨረሻ ሠራተኞቹ ተሸንፈው ተመለሱ፤ ያልተመለሱት ደግሞ ጭራሽ አልተቀበሏቸውም። «ብላንች» እና «ሊንዳ» ሥራቸውን ቀጠሉ።

ከሁሉም የሚብሰው አቧራው ነው። ስሌይት ሲፈለጥ የሚነሳው ደቃቅ አቧራ ሳንባ ውስጥ ገብቶ ይቀራል። የካባ ጌቶች የሚከፍሏቸው ሐኪሞች አቧራው አይጎዳም እያሉ ለዓመታት ተከራከሩ፤ ጥፋቱን ሠራተኛው ምድጃ ላይ አቆይቶ በሚጠጣው የከረመ ሻይ ላይ የደፉም ነበሩ። ሻይ! የስሌይት ሠራተኞች ለሳንባቸው ካሳ እንዲያገኙ የፈቀደው ሕግ የወጣው በ1979 ነው። ዲኖርዊክ ያኔ ከተዘጋ አሥር ዓመት አልፎታል።

ወደ ፋብሪካዎቹ እንመለስ። ከአንደኛው የዓለም ጦርነት በኋላ የሊድስ ቤተሰብ አንድ በአንድ መሞት ጀመረ። ማኒንግ ዋርድል በ1927 ተዘጋ። ኪትሰን እስከ 1938 ታገለ። ከሊድስ ውጭም ስቶክ ከተማ የነበረው ኬር ስቱዋርት በ1930 ወደቀ፤ ብሪስቶል የነበረው አቮንሳይድ ተከተለው። የኢኮኖሚ ቀውሱ፣ የጭነት መኪናውና ናፍጣው አንድ ላይ መጡባቸው። እኔ ግን አንድ ሌላ ምክንያት ይታየኛል፤ ዕቃቸው አልበላሽ አለ። 60 ዓመት የሚሠራ ማሽን የሸጥክለት ደንበኛ መቼ ተመልሶ ይመጣል? በመለዋወጫና በአዲስ ቦይለር ብቻ ይህን ያህል ፋብሪካ አይኖርም። ሃንስሌት የዳነው የሞቱትን ንድፍና ደንበኛ እየሰበሰበ፣ በ1930ዎቹ ደግሞ ቶሎ ብሎ ናፍጣ ሎኮሞቲቭ መሥራት ስለጀመረ ነው። የኬር ስቱዋርት ንድፎችም እጁ ገቡ፤ ይቺን ያዟት።

ሁለተኛው ጦርነት ሲመጣ መንግሥት ለጦር ሠራዊቱ ቀላልና ቶሎ የሚሠራ የእንፋሎት ባቡር ፈለገ፤ የሃንስሌት ንድፍ ተመረጠ። ከ1943 ጀምሮ ሃንስሌትና ሌሎች ፋብሪካዎች ተጋግዘው ሠሩት፤ እስከ 1964 ድረስ በጠቅላላው 485 ተሠርተዋል። ለጦርነት ጊዜ ግርግር ታስቦ የተሠራው ባቡር ከጦርነቱ በኋላ የመንግሥት የከሰል ማዕድን ሠራተኛ ሆነ። የእንግሊዝ ዋና ሐዲድ መደበኛ የእንፋሎት አገልግሎቱን በነሐሴ 1968 አቆመ፤ ጋዜጣው፣ ፎቶው፣ ለቅሶው ሁሉ ለዚያ ነበር። ከማዕድኑ አጥር ጀርባ ግን የሃንስሌት ባቡሮች አንዳንዶቹ እስከ 1980ዎቹ መጀመሪያ ከሰል ሲገፉ ነበር።

ዌልስ ውስጥ «ሆሊ ዋር» በኅዳር 1967 እሳቷ ጠፋ፤ በእንግሊዝ ስሌይት ካባ የመጨረሻዋ የእንፋሎት ሠራተኛ እሷ ናት። ዲኖርዊክ በ1969 ተዘጋ። ቁራሌው ሊወስዳቸው ሲል ግን ገዢ መጣ፤ አስተማሪ፣ መሐንዲስ፣ ተማሪ፣ ቅዳሜና እሑድ እጁን ዘይት ማስነካት የሚወድ ሰው። «ሊንዳ» እና «ብላንች» ፌስቲኒዮግ የሚባለው የበጎ ፈቃደኞች ባቡር ጋ ገብተው ቱሪስት መጎተት ጀመሩ። «ዊኒፍሬድ» የተባለችው የፔንሪን ባቡር በ1965 አሜሪካ ተሸጣ፣ በ2012 ዌልስ ተመለሰች። የካባው ወርክሾፕ ሙዚየም ሆነ።

ሃንስሌት ደግሞ በ1971 ጃቫ፣ ኢንዶኔዥያ ካለ ትራንግኪል የሚባል የስኳር ፋብሪካ የመጨረሻ ትእዛዝ ደረሰው፤ ሸንኮራ የምትጎትት አንዲት የእንፋሎት ባቡር። ከመሳቢያ የወጣው ንድፍ ከ40 ዓመት በፊት የወደቀው የኬር ስቱዋርት ነው። «ትራንግኪል ቁጥር 4» ብሪታንያ ውስጥ ለኢንዱስትሪ ሥራ ተሠርታ የተሸጠች የመጨረሻዋ የእንፋሎት ሎኮሞቲቭ ሆነች። ሸንኮራዋን ስትጎትት ኖራ በ2004 እንግሊዝ ተመለሰች።

የሃንስሌት ፋብሪካ የነበረበት መንገድ ጃክ ሌን ይባላል፤ ፋብሪካው በ1995 ተዘጋ። ስሙን የገዙት ሰዎች በ2005 በድሮው የካባ ንድፍ ሁለት አዲስ የእንፋሎት ባቡሮች ሠሩ። የአንደኛዋ የናስ ሰሌዳ ላይ የተጻፈው የሎርድም የፈረስም ስም አይደለም። «ጃክ ሌን» ነው የሚለው።